ልጁን ሸፍኚው

አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ አንድ የሸቀጥ መደብር ፓርኪንግ ላይ፣ ዘርትሁን እቃ መኪናው ላይ ስትጭን ሕፃን ልጇን ጓደኛዋ ወርቅውሃ ታቅፋላት ነበር። ረጅም ቀሚስ የለበሰች አበባ ሻጭ ጠጋ ብላ፣ ሕፃኑን አየችና "ቢዩቲፉል!" አለች።

"አንቺ፣ ጂፕሲ ናት! ልጁን ሸፍኚው፣ እነሱ ቡዳ ናቸው!" ብላ ጮኸች ዘርትሁን።

ወርቅውሃ በሻርፗ ሸፈነችው። ሴትዮዋ ፈገግታዋን ውጣ ሄደች።

"እሰይ የኔ እህት! ልጄ ካንቺ ጋር ሲሆን እኮ አልሰጋም።"

ወርቅውሃ የቀጥቃጭ ልጅ ነበረች። አገር ቤት እሷና እናቷ ሲያልፉ ሴቶቹ ልጆቻቸውን ልክ እንዲህ ነበር የሚሸፍኑባቸው። እዚህ ይህን የሚያውቅባት የለም።

ሕፃኑ ሻርፑን ገፍቶ ሳቀላት። እሷ ግን፣ ድሮ እናቷ እንዳስተማረቻት፣ ቶሎ ብላ አይኗን ከላዩ አነሳችለት።