ወንዙ በሚፈስበት ሰዓት

ከአዲስ አበባ የመጡትን ጎብኚዎች ድልድዩ ላይ ሰብስቤ ወንዙን አስከፈትኩላቸው። የዚህች አሮጌ የጣሊያን ከተማ ወንዝ ከደረቀ ቆይቷል። በሕጉ መሠረት ጎብኚ ሲመጣ ብቻ ለሁለት ሰዓት ይፈሳል፤ እስኪሄድ ድረስ ውሃው ወደ ወንዙ ስለሚዞር የእኛ ቧንቧ ሁሉ ይዘጋል።

«ታድለሽ! እንዲህ ያለ ውሃ አጠገብ መኖር!» አሉኝ ከጎብኚዎቹ አንዷ፣ ወይዘሮ ስንዱ።

ጥርሴን ነክሼ ፈገግ አልኩ። ስለ ድልድዩ ታሪክ ስናገር የሰማኝ የለም። ሁሉም ጀርባውን ለወንዙ ሰጥቶ በካሜራ የራሱን ፊት ያነሳል። ለዚህ ነው እንግዲህ ባሕር አቋርጠው የመጡት!

በወንዙ ዳር ስናልፍ የባሌ እናት ኦርኔላ በመስኮት ብቅ አሉ። ቧንቧው የተዘጋው ፀጉራቸውን ሲታጠቡ ነው፤ ጭንቅላታቸው በሳሙና አረፋ ተሸፍኗል። ሳሙናው የገባበትን ዓይናቸውን ጨፍነው በሌላው እኔን ያያሉ።

«ውይ ሲያምሩ! ባህላቸው ነው?» አሉ ወይዘሮ ስንዱ።

«አዎ፣ እናንተ ስትመጡ የጀመርነው ባህል ነው።»

«በይ ሳይታጠቡት ቶሎ ከሳቸው ጋር አንሺኝ! ወንዙንም ግማሽ ሰዓት አስጨምሪልን።»

ካሜራቸውን ተቀበልኩ።

«አይቸኩሉ፤ እርስዎ እዚህ እስካሉ ድረስ እሳቸው አይታጠቡም» አልኳቸው።