ግድግዳው ላይ የሌለው ፊት

ለግድግዳው ሥዕል የተቆረጠው ዋጋ አምስት መቶ ሺህ ብር ነበር። ደላላው ቢቂላ ግማሹን ቀብድ ከፈለ። ግማሹን አንድ ነገር እስኪያረጋግጥ ያዘው፤ ሠዓሊው እሱን ሲኦል ውስጥ አለመሳሉን።

ፍርሃቱ ያለ ምክንያት አልነበረም። ሠዓሊው ሞቱማ ገና ያልሆነውን ይስላል ይባላል። ቡራዩ የፀጉር ቤት ታፔላ እየሳለ በሚኖርበት ጊዜ፣ በጠራራ በጋ፣ ጎርፍ የወሰደው ድልድይ ሳለ፤ ክረምቱ ሲገባ ድልድዩ ሄደ። ወደ ሰበታ ተዛውሮ የራሱን ስቱዲዮ ሲከፍት ደግሞ ከብት በሚግጥበት ሜዳ ላይ ባቡር ሲያልፍ ሳለ። ሰው ሳቀበት። ባቡሩ ሲመጣ ስቄ ነበር የሚል ጠፋ።

ከሁሉም በፊት ግን የፉሪው ሥዕል ነበር። ሞቱማ በወጣትነቱ የአባቱን የጤፍ ማሳ ሳለ። ሥዕሉ ላይ ጤፍ የለም፤ ያለው ፎቅ፣ አስፋልትና የውሃ ታንከር ነው። ቢቂላ ብቻ በአርባ ብር ገዛው። ቤቱ ሰቅሎ ሲያየው ሰነበተና ገበሬዎቹን አንድ በአንድ ማነጋገር ጀመረ። የሞቱማ አባት ማንበብ የማይችሉት ወረቀት ላይ አውራ ጣታቸውን አሳረፉ፤ ሰባት ሺህ ብር ተቀበሉ። ያው መሬት ኋላ ለቢቂላ አሥራ ሁለት ሚሊዮን አስገባ። አባትየው ይህን አላዩም። ከማሳው በተነሱበት ክረምት ከቤታቸው ጀርባ ባለው ባሕር ዛፍ ላይ ተሰቅለው ተገኙ።

ሞቱማ አልከሰሰም። ሄዶ የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ተማረ።

በዚህ ሥዕል ጻድቅ ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይን ያያል። ኃጥእ ከጎን ነው የሚሳለው፤ የሚታየው አንድ ዓይኑ ብቻ ነው። ሞቱማ ለቢቂላ አንድ ዓይን አስቀምጦለታል ተብሎ ሰበታ ገበያ ይወራ ጀመር።

ቢቂላ ወሬው ሲደርሰው የነጋዴ መላ መታ። ሱሉልታ የሚሠራውን አዲስ ቤተ ክርስቲያን ምዕራብ ግድግዳ በራሴ ወጪ በገነትና በሲኦል ሥዕል አሸፍናለሁ አለ፤ ሠዓሊውንም ራሱ መረጠ። ገንዘብ በከፈለበት ግድግዳ ላይ ማን ያዋርደዋል?

“አካም ጅርታ፣ ሞቱማ” ብሎ ሰላም አለው ሲዋዋሉ። “በመካከላችን ያለውን ሁለታችንም እናውቃለን። ማልልኝ።”

“ምን ብዬ?”

“ፊቴን ሲኦል ውስጥ እንዳትስል።”

“ኦቦ ቢቂላ፣ ፊትዎን ሲኦል ውስጥ ብስል እጄ ይድረቅ።”

“እኔን የሚመስል ፊትም ጭምር።”

“የሚመስልዎትንም። አፍንጫዎን ለማንም አልሰጥም።”

ቤተ ክርስቲያኑን የሚሠሩት ግንበኞች ሰምተው ሳቁ። የቢቂላ አፍንጫ ከሱሉልታ እስከ ዓለም ገና የታወቀ ነው።

ቢቂላ ግን መሐላን እንደ ቼክ ነው የሚያየው፤ እስኪመነዘር አያምንም። በየሳምንቱ ከቡራዩ እየነዳ ይመጣ ነበር። ገነቱ አለቀ። ከገነቱ ግርጌ፣ ሥዕሉን ያሳለው ሰው በሚቀመጥበት ቦታ፣ ቢቂላ ተንበርክኮ ተሳለ፤ በሁለት ዓይን፣ ያውም ትልልቅ። ሲኦሉ ግን በሸራ እንደተጋረደ ነው።

“ለምን ትሸፍነዋለህ?”

“ግንበኞቹ እሱን እያዩ ምሳ አልወርድላቸው አለ” አለ ሞቱማ።

ሊመረቅ አንድ ቀን ሲቀረው ሸራው ወረደ። ታቦቱ ገና አልገባም፤ ግንበኞቹም ደሞዛቸውን ተቀብለው ሄደዋል። ሞቱማ ብሩሾቹን አጥቦ ጋዜጣ ላይ ደርድሯቸው ነበር።

“የት ልትወስዳቸው ነው?”

“ሰበታ ላሉ ተማሪዎቼ ሰጥቻቸዋለሁ።”

“አዲስ ልትገዛ?”

“አይ። እኔ ሥራ ጨርሻለሁ።” አጠገቡ ካለው ጆግ ብርዝ ቀዳለት። “ማሩ የመናገሻ ነው። መንገዱ አድክሞዎታል፣ ይጠጡ።”

“አንተስ?”

“ግድግዳው እስኪባረክ ጾም ነኝ።”

ቢቂላ ጎንጨት አለለት። “ማሩን አበዛኸው።”

“ለእርስዎ ብዬ ነው።”

ብርጭቆውን እንደያዘ ወደ ሲኦሉ ቀረበ። ኃጥኣኑ በረድፍ በረድፍ ታስረዋል፤ ከየረድፉ በላይ የኃጢአታቸው ስም ተጽፏል። ሌቦቹን አንድ በአንድ አያቸው። የእሱን አፍንጫ የያዘ የለም። በሐሰት የመሰከሩትንም በስልኩ መብራት ፈተሸ። እዚያም የለም። ነፍሰ ገዳዮቹን አለፋቸው፤ በሕይወቱ ማንንም ገድሎ አያውቅም።

“ገለቶሚ፣ ሞቱማ” ሲል አመሰገነው። “ቃልህን ጠብቀሃል።” ቀሪውን ገንዘብ የያዘውን ቦርሳ አወጣ።

“እሱን ለጣሪያው ይስጡልኝ።”

“ሁለት መቶ ሃምሳ ሺህ ብር?”

“አያስፈልገኝም።”

ቢቂላ ፊቱን አጠናው። “ታዲያ ቂም የለብህም ማለት ነው?”

“ነበረብኝ። ዛሬ ወጣልኝ” አለና ሞቱማ ሄዶ በሩ ላይ ተቀመጠ።

ቢቂላ በልቡ አሰላ። ከፉሪ አሥራ ሁለት ሚሊዮን ገብቷል። ለዚህ ሁሉ ግማሽ ሚሊዮን ወጥቷል፤ በዚያውም ጣሪያው በስሙ ይጠራለታል። ፊቱ ገነት ነው፣ ሲኦል ውስጥ የለም። የሟቹ ልጅም ታርቋል። እንዴት ቢደመር ትርፍ ነው። ብርጭቆውን ጨለጠው።

ግንባሩን ላብ ላብ አለው። ጉልበቱ ሲዝልበት በግድግዳው ተደገፈ፤ መዳፉን እርጥብ ቀለም ነካው። ቀና ብሎ አየ።

ከነፍሰ ገዳዮቹ ረድፍ መጨረሻ፣ ቀለሙ ገና ሳይደርቅ፣ እጁ በሰንሰለት ታስሮ በአንድ ዓይን የሚያየው ሰው ሞቱማ ነበር።