ከቴሌቪዥኑ በፊት

መርዶ በቴሌቪዥን ብቻ እንዲነገር ከተደነገገ ወዲህ ጎህ ሲቀድ ዘመድ በር አያንኳኳም። ቴሌቪዥኑ ራሱ ይበራና ቤተሰቡን ያረዳል። የዜና ክፍሉ ኃላፊ መክብብ ልቦለድ ስለሚጽፍ የመርዶውን ቃል የሚያሳምረው እሱ ነው፤ የተሾመውም በዚሁ ነው። ቀድሞ የተናገረ ሠራተኛ ግን ይባረራል።

ዛሬ ሳይነጋ የታላቅ እህቱን የጥሩወርቅን በር አንኳኳ።

«ምነው በማለዳ? ደግሞ አዲስ ድርሰት ልታነብልኝ ነው? ያለፈው እንደሆነ አስተኝቶኛል» አለችው እየሳቀች።

መክብብ አልተቀመጠም። ወዲያ ወዲህ ሲል ቆይቶ ሄደና ቴሌቪዥኑን ከሶኬቱ ነቀለው።

የጥሩወርቅ ሳቅ ቆመ። «ልጄ ነው? ይርዳው ነው?»

ማታ ሲጽፍና ሲሰርዝ ያመሸበት ያማረ ቃል ሁሉ ጠፋው።

«አዎ፣ እትዬ» አለና አቀፋት።