ጣሪያው ላይ የተኛው ዓሣ ነባሪ

ባሌ ይህን ሸክላ ባጫወተ ቁጥር በሩን ሲዘጋብኝ ሃያ ሁለት ዓመቱ ነው። ዛሬ በሩ ወለል ብሎ ተከፍቷል፤ ሸክላው ከቤት ሊወጣ ነዋ።

የባሌ የልብ ጓደኛ፣ ፋርማሲስቱ፣ ሶፋው ጫፍ ላይ ተቀምጦ ሸክላውን ከነሽፋኑ በጋዜጣ ይጠቀልላል። እንደ ጨቅላ ነው የሚይዘው። ባሌ ቆሞ ያያል። የግራ ጆሮው መስማት ካቆመ ዓመት አልፎታል፤ ባለፈው ሳምንት ደግሞ ሐኪሙ ቀኙም እየተከተለው ነው አለው። ከዚያ ወዲህ ሩቅ አገር እንደሚሄድ ሰው ዕቃውን ያድላል።

«ለማን ልተወው?» ይላል። «እዚህ ቤት ሙዚቃው የሚገባው ሰው የለም።»

እኔ በሩ ላይ ቆሜያለሁ፣ እጄ ከነእርጥቡ። «የለም» ሲል ዞር ብሎ እንኳ አላየኝም።

ነገሩ የተጀመረው በተጋባን በዓመቱ ነው። ሽፋኑ ላይ አንድ ቤት አለ፤ የቤቱ ጣሪያ ላይ ዓሣ ነባሪ ተኝቷል። ባሌና ፋርማሲስቱ ቁጭ ብለው አምስት ጸጉራም እንግሊዞች ሲዘፍኑ ያዳምጣሉ። እኔ ሻይ ይዤ ገባሁና «ይሄ ዓሣ እዚያ ላይ ምን ሊሠራ ወጣ?» አልኩ። እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። ባሌ የእንግሊዝኛ አስተማሪ ነው። «ይሄ አንቺ አይገባሽም፤ አንቺ ቁልፍሽን ትከይ» አለኝ። እውነቱን ነው፣ ሥራዬ ልብስ ፋብሪካ ሸሚዝ ላይ ቁልፍ መትከል ነው። ትምህርቴም አራተኛ ክፍል ላይ ቆሟል። እውነት ቢሆንም አልተዋጠልኝም። እናቴ «አንቺ ስትወለጂ ራሱ በእግርሽ ነው የመጣሽው» ትለኝ ነበር፤ ከያዝኩ አልለቅም።

ልጃችን ከፍ ስትል አባቷ ሽፋኑ ውስጥ የታተመውን ግጥም እየተረጎመች እንግሊዝኛ እንድትለማመድበት ሰጣት። «አማርኛውን ለኔም ጻፊልኝ፣ ፊደሉን ጎላ አድርገሽ» አልኳት። ያንን ደብተር በምሳ ሰዓት ከማሽኔ ጎን ተቀምጬ ፊደል በፊደል ስቆጥር ከረምኩ። አንዱ ዘፈን ብቻ አራት ወር ፈጀብኝ። እሱ በሩን ሲዘጋ እኔ ከበሩ ወዲህ ሳህን እያጠብኩ የቱ ጋ እንደደረሱ አውቅ ነበር።

«ቆይ» እላለሁ። «አትጠቅልለው።»

ፋርማሲስቱ ቀና ይላል። «ምነው የኔ እመቤት፣ ጋዜጣው ያልተነበበ ነው እንዴ?»

«ስለ ዓሣው ንገሩኝ። ምንድን ነው?»

ባሌ በረዥሙ ይተነፍሳል። «ዛሬም እሱን?»

«ዛሬም።»

«የሥልጣኔ ውድቀት ነው» ይላል፣ ልክ ክፍል ውስጥ እንዳለ።

«ሞት ነው እንጂ» ይላል ፋርማሲስቱ። «በሱ ስንጨቃጨቅ አይደል እንዴ ያረጀነው።»

«ዘፈኑ ጎርፍ መጣ ነው የሚለው» እላለሁ። «ውኃው ሲመለስ ዓሣውን ጣሪያው ላይ ጥሎት ሄደ። ሰዎቹ ከሥሩ ሆነው እራት ይበላሉ። ትንፋሹን ይሰሙታል፣ ኮርኒሱ ከፍ ዝቅ ይላል፣ ግን አንዳቸውም ስለሱ አይናገሩም። አባትየው ጨው አቀብሉኝ ይላል። ይሄ ምኑ ነው ሥልጣኔ? ቤት ውስጥ የተደረገ፣ ማንም ይቅርታ ያልጠየቀበት ነገር ነው። የሌለበት ቤት የለም።»

የፋርማሲስቱ እጅ ጋዜጣው ላይ ቀረ። «ጨው የሚለውን ረስቼው ነበር» ይላል ቀስ ብሎ። ቀጥሎ ወደ ቀልድ ሊያዞረው ፈልጎ «እናንተም ቤት አለ?» ይለኛል።

«ሃያ ሁለት ዓመቱ» እላለሁ።

ባሌ ደህናውን ጆሮውን ወደኔ አዙሯል። እጁን ኪሱ ውስጥ ይከታል።

እጄን በቀሚሴ አድርቄ ሸክላውን ከፋርማሲስቱ ጭን ላይ አነሳለሁ። ጋዜጣው ወለሉ ላይ ይወድቃል።

«ተዪ፣ ትጭሪዋለሽ» ይላል ባሌ።

«በቀን ስንት ሸሚዝ በእጄ ያልፋል፤ አንዱን ጭሬ አውቃለሁ?»

ከሽፋኑ አውጥቼ፣ ጠርዙን ብቻ ይዤ፣ ሁለተኛውን ገጽ ወደ ላይ አድርጌ ማጫወቻው ላይ አኖረዋለሁ። መርፌውን አስቀምጥበታለሁ። መጀመሪያ ዘይት ሲጠበስ የሚመስል ድምፅ ይመጣል፤ ቀጥሎ ከበሮው። ሁለቱ እንደ ልማዳቸው በእግራቸው አራት አራት እየመቱ ይጀምራሉ፣ እንደ ልማዳቸውም ወዲያው ይሳሳታሉ።

«አስቸጋሪ ሙዚቃ» ይላል ፋርማሲስቱ።

«ምቱ ሰባት ነው» እላለሁ። ጠረጴዛው ጠርዝ ላይ በጣቴ እመታላቸዋለሁ። የሸሚዝ ደረት ሰባት ቁልፍ ነው፤ ሰባተኛውን ተክሎ እጅ ወደ ሌላው ሸሚዝ ይሻገራል። ከበሮውም እንደዚያው ነው፣ ይሻገራል። አንድም ቀን ተምታቶብኝ አያውቅም።

ዘፋኙ ይገባል። ጎርፉ እየመጣ ነው። ባሌ ግን ግንባሩን ቋጥሮ፣ ቀኝ ጆሮውን ወደ ድምፅ ማጉያው አስጠግቶ፣ ገና የዘፋኙን መግባት ይጠብቃል።

ፋርማሲስቱ ወደኔ ያያል። እኔ በጣቴ መምታቴን እቀጥላለሁ።

ትንሽ ቆይቶ ባሌ ቀና ይላል። ዓይኑ ክፍሉን ዞሮ ዞሮ ጣቴ ላይ ያርፋል። ከንፈሩ ይቆጥራል። ሰባት ብዬ ወደ አንድ ስመለስ እግሩን ያሳርፋል፤ ዘገየ። ደግሞ ይሞክራል፤ ቀደመ። በሦስተኛው እግሩና ጣቴ አብረው ይወርዳሉ፤ እሱም ዓይኑን ሳያነሳ የሚቀጥለውን ይጠብቃል።