የደምመላሽ ድንኳን

በዚያ ዘመን የቤት በር ሁሉ ጠዋት ጠዋት «አሉ ወይ?» ብሎ ይጠይቃል። ባለቤቱ «አለሁ» ሳይል ከሰነበተ በሩ ለእድሩ መርዶ ይነግራል፤ የእድሩም ድንኳን ራሱን ችሎ መጥቶ ደጅ ላይ ይተከላል።

ሰዓሊው ደምመላሽ ግን የሕይወትን ትርጉም በዝምታ ሊፈልግ ቆርጦ፣ ሳምንቱን ሙሉ ለበሩ ትንፍሽ አላለም። ሸራው ነጭ እንደሆነ ቀረ። አንድ ቀን ረፋድ ላይ ዋይታ ሰምቶ ብቅ ቢል፣ ጎረቤቱ ሁሉ ነጠላውን አዘቅዝቆ ንፍሮ ይዘግናል።

«ማን ሞቶ ነው?»

«አንተ ነሃ!» አሉ ጎረቤቱ እትዬ ስንዱ፣ እንባቸውን ሳይጠርጉ።

«ታዲያ ገብታችሁ አታዩኝም?»

«በሩ መርዶ ነግሮን እያለ ምን ብለን እንገባለን? በል ቁጭ በል፤ አንዴ የተተከለ ድንኳን እስከ ሠልስት አይነሳም።»

ምን ያድርግ፣ ለራሱ ለቅሶ ተቀመጠ። በአጥር ከእሱ ጋር የተካሰሰው አቶ ገረመው ሳይቀር ስቅስቅ ብሎ ሲያለቅስ አየ። ይሄኔ እጁን በላው፤ ሮጦ ሸራውንና ከሰሉን አመጣ። አልቃሾቹም ሥዕል ላይ ሊወጡ ነውና ለቅሶውን አደመቁት።

ድንኳኑ ሲነሳ ሸራው በሰው ፊት ጢም ብሏል። የቀረው በለቅሶ ያበጠው የእትዬ ስንዱ አፍንጫ ብቻ ነበር።

በማግስቱ በሩ፣ «አሉ ወይ?» አለ።

ደምመላሽ ሸራውን ቀና ብሎ አየና አፉን ግጥም አደረገ።