ስማቸው ሲገባ

ፊልሙ አለቀና የሠሩት ሰዎች ስም በስክሪኑ ላይ መሮጥ ጀመረ። ድርሰቱን የጻፉት ጀርመናዊት አሮጊት መነጽራቸውን እስኪያደርጉ የእሳቸው ስም አለፈ።

«ሠላሳ ዓመት ለቴሌቪዥን ስጽፍ አንድም ቀን አልደረስኩበትም» ብለው ሳቁ።

ኢስት ዮርክ በሚባለው ሰፈር ቤታቸው እየመጣች የምትንከባከባቸው ውብአለም ካሴቱን ወደ ኋላ መለሰችና ስሙ ብቅ ሲል በሪሞት አቆመችው። ወዲያው ከሶፋው ብድግ አለች።

«ኖር!»

«ምን አልሽ?»

«በእኛ አገር ትልቅ ሰው ሲገባ የተቀመጠ ይነሣል። እርስዎ ‹በእግዜር› ካላሉኝ ቆሜ መቅረቴ ነው።»

አሮጊቷ እየተንቀጠቀጠ የቆመውን ስማቸውን አዩ፤ የቆመችውንም አዩ። በጀርመንኛ ሊያመሰግኑ አፋቸውን ከፈቱና ተዉት።

«በእግዜር» አሉ።

ውብአለም ተቀምጣ ሪሞቱን ስታነሣ እጇን ያዟት።

«ተይው። ስሜም ትንሽ ይቀመጥ።»