የአምቡላንሱ መውጫ ደብተር

ደብዳቤው የተገኘው በአስተያየት መስጫ ሳጥኑ ውስጥ ነው። ፊርማ የለውም። ፊደሎቹ ወደ ኋላ ያዘነበሉ፣ እንደ ሕፃን ጽሑፍ የተንሻፈፉ ናቸው።

«ሾፌሩ ዋሊድ ማክሰኞ ዕለት በአምቡላንሱ ለግል ጥቅሙ ከባምባሲ ሲሚንቶ ጭኗል» ይላል።

በዚያ ማክሰኞ የአራት ወር ሕፃን አምቡላንስ ሲጠበቅላት ሞታለች። ዐርዋ ትባላለች። የዋሊድ ልጅ ናት።

የሳጥኑ ቁልፍ የሚቀመጠው በጤና ጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ በአቶ አብዱልረሂም ኪስ ነው። በኃላፊው ላይ የተጻፈ አቤቱታ ከዚያ ሳጥን ወጥቶ አያውቅም። ይኼኛው በገባ በማግስቱ ወጣ።

ዋሊድ ከቀብሩ መልስ አንድ ነገር ጠይቆ ነበር፤ የመኪናውን መውጫ ደብተር ለማየት።

«ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ ለማንም አይወጣም» ብለውት ነበር ኃላፊው።

አሁን የእግድ ደብዳቤ ሰጡት። «ሲሚንቶ መጫኑ ስለተደረሰበት፣ ማስረጃ እንዳያጠፋ፣ የዲሲፕሊን ምርመራው እስኪያልቅ ከሥራ ታግዷል።»

ሰው ሁሉ የጠረጠረው ጥበቃውን ፈየራን ነው። የማታ ትምህርት ጀምሯል፤ መንጃ ፈቃድም ሊያወጣ ነው።

«ፈየራ፣ መሪው ተመቸህ?» አሉት ሻይ ቤት።

«እኔ ስሜን ለመጻፍ ግማሽ ቀን ይፈጅብኛል! ሲሚንቶ የሚጻፈው በእሳቱ ሰ ነው በንጉሡ ሠ?»

ማንም አልሳቀለትም።

የዋሊድ ሚስት ኢንዓም ደብዳቤውን ስትሰማ ጮኸች። «ያ ረብ! በሐዘናችን ላይ ይህን የጻፈ እጅ ሽባ ይሁን!»

«ተይ፣ አትርገሚ።»

«ለፈየራ ታዝናለህ?»

ዋሊድ እግዱን የሚቃወምበትን የፍርድ ቤት አቤቱታውን ቀጥ ባለ፣ በሚያምር ጽሑፉ እየገለበጠ ነበር።

አሶሳ፣ ችሎት። ዳኛዋ ዋሊድን አስቆሙት።

«ማስረጃ ታጠፋለህ ተብዬ ታገድኩ» አለ። «የማጠፋው ማስረጃ ምንድን ነው? ይነገረኝ።»

የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ፈጥኖ ተነሣ። «የመኪናው መውጫ ደብተር ነው፣ ክብርት ዳኛ።»

አቶ አብዱልረሂም ከኋላ እጅጌውን ጎተቱት። ዘግይተዋል።

«ደብተሩ ይቅረብ» አሉ ዳኛዋ። «አሁኑኑ፣ ፖሊስ ሄዶ ያምጣው።»

ዋሊድ አልተቀመጠም። ገጹ ጠፍቶ ከሆነ፣ ልጁን ለሲሚንቶ ጥሎ የሄደ አባት ሆኖ ይቀራል።

ደብተሩ መጣ። ገጹ ሁሉ ቁጥርና ማኅተም አለው፤ አልተቀደደም። ዳኛዋ ጮክ ብለው አነበቡ። «ማክሰኞ። ወደ ባምባሲ። ያዘዘው፣ አብዱልረሂም።» ቀና አሉ። «ሲሚንቶ መጫኑን በእግድ ደብዳቤዎ አረጋግጠዋል፣ አቶ አብዱልረሂም። የላኩት እርስዎ ነዎት። የማን ሲሚንቶ ነው?»

ኃላፊው ወደ ነገረ ፈጁ ዞሩ።

እግዱ ተነሣ። የደብተሩ ግልባጭ ለዐቃቤ ሕግ እንዲላክ ታዘዘ። ዋሊድ ውሳኔውን ለመቀበል በቀኝ እጁ ፈረመ።

በር ላይ ኢንዓም ቆማ እያለቀሰች ነበር። «ደብዳቤውን የጻፈው ግን ሳይታወቅ ቀረ» አለች።

ዋሊድ ግራ እጁን ዘረጋላት። «ካልታገድኩ ደብተሩ ፍርድ ቤት አይቀርብም ነበር። የረገምሽው እጅ ይኸው።»